ሜሪማክ የተባለችው የከሰል መርከብ

በታሪክ ክፍለ ጊዜ በአሜሪካና በእስፓኝ መካከል ስለ ተደረገው ጦርነት ስንማር፣ መምህራችን ሪችመንድ ሆብሰን የተባለውን ወጣት መኰንን ታሪክ ነገሩን። ይህ መኰንን ከሰባት ባሕረኞች ጋር ሆኖ በሌሊት አንዲት አሮጌ መርከብ እየነዳ በጠላት መድፍ መካከል ገብቶ፣ የሳንቲያጎን ወደብ በር በመርከቢቱ ሬሳ ለመድፈን የሞከረ ነው። ክፍሉ በሙሉ ጸጥ ብሎ አዳመጠ። ትምህርቱ ሲያበቃ አንድ ጓደኛችን እጁን አንሥቶ «መርከቢቱስ ከዚያ በፊት ምን ትሠራ ነበር?» ብሎ ጠየቀ። መምህሩም «ከሰል ትጭን ነበር» ብለው ሲመልሱለት ሁላችንም ሳቅን። እኔም ከሳቁት አንዱ ነበርሁ። ይህን አስተያየት ለመጽሔታችን የማቀርበው ያ ሳቅ ትክክል እንዳልነበረ በኋላ ስለ ተረዳሁት ነው። (በጽሑፉ ውስጥ ያሉት ዘመናት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቈጣጠር ናቸው።)

ሜሪማክ ለጦርነት የተወለደች አልነበረችም። በ1894 ዓ.ም. በእንግሊዝ አገር በታይን ወንዝ ዳር ስዋን ኤንድ ሀንተር በተባለው የመርከብ መሥሪያ ቤት ስትሠራ ስሟ ሶልቬግ ነበር። ርዝመቷ መቶ ሜትር ያህል ሲሆን፣ ዕቃ ጭና ከወደብ ወደ ወደብ ከመመላለስ በቀር ሌላ ሥራ አልታሰበላትም። ሜሪማክ የሚባለውን ስም ያገኘችው በኋላ ነው። በ1898 ዓ.ም. በፌብሩዋሪ ወር ሜይን የተባለች የአሜሪካ የጦር መርከብ በኩባ ዋና ከተማ በሀቫና ወደብ ቆማ ሳለች በድንገት ፈንድታ ከ260 የሚበልጡ ሰዎች አለቁ። የአሜሪካ ጋዜጦችም ወዲያውኑ እስፓኝን ከሰሱ። በ1976 ዓ.ም. አድሚራል ሪኮቨር ያስመረመሩት ጥናት ግን፣ በመርከቢቱ ሆድ የተከማቸው ከሰል ራሱ እሳት አንሥቶ አጠገቡ ያለውን ባሩድ ቤት አቃጥሎት ሳይሆን አይቀርም የሚል ነው። ጥናቱ እውነት ከሆነ ከሰሉ ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ በነገሩ ውስጥ አለበት ማለት ነው። ያም ሆነ ይህ ጦርነቱ እንደማይቀር ሲታወቅ፣ የአሜሪካ ባሕር ኀይል በኤፕሪል ወር ሜሪማክን ከነጋዴዎች ገዝቶ የከሰል መርከብ አደረጋት። አዛዧም ጄምስ ሚለር የተባለ መኰንን ሆነ።

ዛሬ እኛ የከሰል መርከብ ስንል የምናስበው ጥቁርና ቈሻሻ ነገር ነው፤ በዚያ ዘመን ግን ጦርነቱ የቆመው በእርስዋ ላይ ነበር። የዚያ ጊዜ የጦር መርከብ የሚንቀሳቀሰው በእንፋሎት ነው፤ እንፋሎቱ የሚመጣው ከቦይለር ነው፤ ቦይለሩን የሚያፈላው ደግሞ ሰው ቀንና ሌሊት በአካፋ እያጐረሰው የሚነድ የድንጋይ ከሰል ነው። መርከቢቱ ቆማ ብትውል እንኳ ጠላት ድንገት ቢመጣ እንዳትያዝ እሳቷ አይጠፋም፤ ስለዚህ ምንም ሳትሠራም ትበላለች። ከሰሉ ሲያልቅ ታላቁ መድፍና ወፍራሙ የብረት ልብስ ዋጋ የላቸውም። ወደ ሌላ መንግሥት ወደብ ገብቶ መግዛትም ቀላል አልነበረም። ገለልተኛ የሆኑ መንግሥታት ለተዋጊ መርከብ ቢሰጡም የሚሰጡት ወደ ቅርብ የአገርዋ ወደብ የሚያደርስ ያህል ብቻ ነበረ። አድሚራል ዱዊ ይህን ስለሚያውቅ በማኒላ ከመዋጋቱ በፊት ናንሻንና ዛፊሮ የሚባሉ ሁለት መርከቦች በሆንግ ኮንግ ገዝቶ ከሰልና ስንቅ አስከትሎ ሄደ። ሜይ 1 ቀን 1898 ዓ.ም. ያገኘውን ድል መጻሕፍት ሁሉ ይተርኩታል። ስለ ናንሻን ግን አንድ መስመር ለማግኘት ብዙ ገጽ መግለጥ አለብን።

የእስፓኙ አድሚራል ሰርቬራ እንደ ዱዊ አልታደለም። አትላንቲክን ተሻግሮ ሲመጣ ያጣው ነገር ጀግንነት ሳይሆን ከሰል ነበር። በማርቲኒክ ፈለገ፣ አላገኘም። በኩራሳኦ የሆላንድ ገዢ ሁለት መርከቦቹን ብቻ አስገብቶ ጥቂት እንዲገዙ ፈቀደላቸው። በመጨረሻ ሌላ መሄጃ ስላጣ ሜይ 19 ቀን ወደ ሳንቲያጎ ደ ኩባ ገባ። ይህ ወደብ በተራራ የተከበበ ሆኖ በሩ እጅግ ጠባብ ነው፤ ለመሸሸጊያ የሚመች ቢሆንም አንዴ ከተከበቡበት መውጣት ያስቸግራል። ሰውየው በገዛ እግሩ ወደ ወጥመድ የገባው ሞኝ ስለ ሆነ እንዳይመስላችሁ፤ የመርከቦቹ ሆድ ባዶ ስለ ነበረ ነው።

የሚገርመው፣ በሌላው ወገንም ያው ችግር ነበረ። ኮሞዶር ሽሌ የእስፓኝን መርከቦች እንዲፈልግ ወደ ሳንቲያጎ ሲላክ ሜሪማክ ከሰሉን ጭና ትከተለው ነበር። በሜይ 26 ቀን ሞተሯ ተሰበረና ዬል የተባለች መርከብ በገመድ ትጐትታት ጀመር። ባሕሩም ይናወጥ ስለ ነበር ከሰል ለመቀበል ሁለት መርከቦች ጐን ለጐን ቢቆሙ እርስ በርሳቸው እየተላተሙ ይጐዳዳሉ። ሽሌ በዚህ ምክንያት ከሰል ሊሞላ አልቻልሁም ብሎ ጠላትን እዚያው ትቶ ወደ ምዕራብ ፊቱን አዞረ። ማግስቱን ባሕሩ ጸጥ ሲል ቴክሳስ የተባለችው የጦር መርከብ ከሜሪማክ ከሰል ጫነች፤ ሽሌም ሐሳቡን ለውጦ ተመለሰና ሜይ 29 ቀን ጠዋት ክሪስቶባል ኮሎን የተባለችውን የጠላት መርከብ በወደቡ በር ላይ አያት። ስለዚህ መመለሱና መዘግየቱ በ1901 ዓ.ም. ሸንጎ ተቀምጦ መርምሮታል፤ ብዙዎቹም ወቅሰውታል። እኔ በበኩሌ ሽሌን ለመውቀስ አልቸኵልም። ሞተር ተሰብሮ፣ ማዕበል ተነሥቶ፣ የሺህ ሰዎች ነፍስ በእጁ ሳለ፣ ከሰሉ በባሕር መካከል ቢያልቅበት ወቃሾቹ ምን ይሉት ነበር?

ከዚህ በኋላ ያለውን ከክፍላችን ትምህርት ታውቁታላችሁ፤ ቢሆንም ጥቂት ልናገር። ዋናው አዛዥ አድሚራል ሳምሰን ጁን 1 ቀን ሲደርስ የወደቡን በር በአንድ መርከብ ለመድፈን ቆርጦ ነበር። ለዚህ የታጨችው ሜሪማክ ናት። ለምን እርስዋ እንደ ተመረጠች ለመገመት አያዳግትም፤ ሞተሯ የሚያስቸግር፣ ከባድና ዝግተኛ፣ ብትጠፋም የማታሳዝን ነበረች። ሐሳቡን ያቀናበረው ሆብሰን የ27 ዓመት ወጣት፣ ሙያውም የመርከብ ሥራ መሐንዲስ ነበር። በመርከቢቱ ግራ ጐን በውጭ በኩል ባሩድ የተሞሉ ዐሥር ፈንጂዎች አሠረ፤ እነዚህም በኤሌክትሪክ እንዲተኰሱ ተዘጋጁ። መርከቢቱ ወደ ጠባቡ በር በፍጥነት ገብታ፣ መልሕቅ ጥላ፣ አግድም ዞራ ስትቆም ፈንጂዎቹ ይተኰሳሉ፤ እርስዋም እንደ ግንድ በሩን ዘግታ ትሰምጣለች። ፈቃደኛ ሲጠየቅ በመቶ የሚቈጠሩ ባሕረኞች ስማቸውን ሰጡ። የመርከቢቱ አዛዥ ሚለርም እኔ ልሂድ ብሎ ለመነ፤ መርከቤን ሌላ ሰው ወስዶ አይገድላትም ያለ ይመስል። አልተፈቀደለትም።

የመጀመሪያው ሙከራ ጎሕ ስለ ቀደደ ተመለሰ። ጁን 3 ቀን ከሌሊቱ መጨረሻ ግን ሜሪማክ ገባች። ስምንቱ ሰዎች ከውስጥ ልብሳቸው በቀር ልብስ አልነበራቸውም፤ በወገባቸው ሽጉጥ፣ በደረታቸው በውሃ ላይ የሚያንሳፍፍ መደረቢያ አሥረዋል። በጨለማ መጮህ ስለማይቻል ትእዛዝ የሚተላለፈው በእጃቸው ላይ በታሰረ ሲባጎ ነበር። እስፓኞች እንዳዩአት የእሳት ዝናም አወረዱባት። መሪዋ በጥይት ተሰበረ፤ የፈንጂዎቹ ባትሪዎችም ስለ ተመቱ ከዐሥሩ የፈነዱት ሁለት ብቻ ናቸው። መሪ የሌላት መርከብ በማዕበሉ እየተገፋች ከታሰበው ስፍራ አልፋ ወደ ውስጥ ገባችና፣ በመድፍና በቶርፒዶ ተደብድባ፣ በሩን ሳትዘጋ በቁመቷ ሰመጠች። በሆዷ የቀረው ከሰልም አብሯት ሰመጠ።

ከስምንቱ አንድም አልሞተም። ከእንጨት የተጋጠመ ማንሳፈፊያ ይዘው አንገታቸው ድረስ በውሃ ውስጥ ሆነው እስኪነጋ ቆዩ። ሲነጋ በትንሽ የእንፋሎት ጀልባ መጥቶ በገዛ እጁ ከውሃ ያወጣቸው ሌላ ሰው ሳይሆን አድሚራል ሰርቬራ ራሱ ነበር። በዚያው ቀን የጦር ሹሙን ካፒቴን ቡስታማንቴን ነጭ ሰንደቅ አስይዞ ወደ ሳምሰን ላከና ሰዎችህ ደኅና ናቸው አለው። ጠላቱን ያዋረደ ጀግና ብዙ አንብቤአለሁ፤ የጠላቱ እናት እንዳትጨነቅ መልእክተኛ የላከ ግን ከሰርቬራ በቀር እምብዛም አላጋጠመኝም። ምርኮኞቹ ጁላይ 6 ቀን በልዋጭ ተለቀቁ።

እንግዲህ አስተያየቴ ከዚህ ይጀምራል። ሆብሰን ወደ አገሩ ሲመለስ ሕዝቡ እንደ ንጉሥ ተቀበለው። በየከተማው ሴቶች እየተሰለፉ ሳሙት፤ (ይህን በትምህርት ቤት መጽሔት መጻፍ ያሳፍራል፤ ነገር ግን የታሪክ ሐቅ ነው።) ኋላም የኮንግረስ አባል ሆነ፤ በስሙም የጦር መርከብ ተሰየመ። እኔ ይህን አልቃወምም። በዚያ ሌሊት ለመግባት የሚበቃ ልብ እኔ እንደሌለኝ አውቃለሁ። የምቃወመው ሜሪማክ ክብር ያገኘችው በሰመጠችበት አንድ ሰዓት ብቻ ነው የሚለውን አነጋገር ነው። እውነቱን ከተነጋገርን ያ አንድ ሰዓት የከሸፈ ሥራ ነው። በሩ አልተዘጋም። እንዲያውም አለመዘጋቱ ለአሜሪካኖቹ በጃቸው። ተዘግቶ ቢሆን ሰርቬራ ከነመድፎቹ በወደቡ ውስጥ ተቀምጦ በምድር የሚመጣውን ጦር በመድፍ ይቀበል ነበር። ክፍት ስለ ነበረ ጁላይ 3 ቀን ወጣ፤ በጥቂት ሰዓትም ውስጥ ስድስቱም መርከቦቹ ጠፉ፤ እርሱም ተማረከ።

በዚያ ቀን ውጊያ ውስጥም ከሰሉን ፈልጉት፤ ታገኙታላችሁ። ማሳቹሴትስ የተባለችው ታላቅ የጦር መርከብ ከሰል ለመሙላት ወደ ጓንታናሞ ሄዳ ስለ ነበር ውጊያው አመለጣት። ክሪስቶባል ኮሎን ደግሞ ከእስፓኝ መርከቦች ሁሉ ፈጣኗ ስለ ነበረች ልታመልጥ ተቃርባ ነበር። ነገር ግን መልካሙ ከሰሏ አልቆ መናኛውን ማንደድ ስትጀምር ፍጥነቷ ቀነሰ፤ ኦሬጎንም ደረሰችባትና ወደ ባሕሩ ዳር ሄዳ እጅዋን ሰጠች። የአንድ ትልቅ መርከብ ዕድል በከሰሉ ዐይነት ሲቈረጥ ካየን፣ ከሰሉን ያመጣውን ሰው ከተኳሹ አሳንሶ መቍጠር ፍርደ ገምድልነት ነው እላለሁ።

አንዳንድ ጓደኞቼ «ከሰል መጫን ማንም የሚሠራው ነው፤ ጀግና ግን ጥቂት ነው» ብለው ይከራከሩኛል። እስኪ ማንም የሚሠራው እንደ ሆነ እንይ። በሐሩር አገር፣ በሚናወጥ ባሕር ላይ፣ ከአንዲት መርከብ ጐተራ ውስጥ ከሰሉን በአካፋ ወደ ከረጢት መሙላት፤ ከረጢቱን ወደ ሌላዪቱ ማሻገር፤ ከዚያም በጠባቡ ማከማቻ ውስጥ ትቢያው ዐይንና ጉሮሮ እየሞላ በትኖ ማስተካከል፤ ይህንም በብዙ መቶ ቶን ማድረግ። ሲያልቅ ደግሞ ከጥቂት ቀን በኋላ እንደ ገና መጀመር። ከመርከቡ ሹም አንሥቶ እስከ ዝቅተኛው ባሕረኛ ድረስ የከሰል ቀን ሲመጣ የሚደሰት ሰው አልነበረም። ሆብሰን አንድ ሌሊት በሞት ፊት ቆመ። እነዚህ በየሳምንቱ ይህን ያደርጉ ነበር፤ የሚስማቸውም የለም።

ሌላም ነገር አለ፤ ለእኛም የሚነካን ይህ ነው። መርከቦች ከሰል መብላታቸው የሰውን አገር አስወስዷል። ሽሌ በማዕበል ላይ ያየው ችግር ዳግመኛ እንዳይደርስ፣ አሜሪካኖች በጁን 10 ቀን ጓንታናሞ ላይ ወታደር አውርደው ጸጥ ያለውን ወደብ ያዙ። በ1903 ዓ.ም. ደግሞ ለከሰል መጫኛና ለባሕር ኀይል ጣቢያ ተብሎ ከኩባ መንግሥት ተከራዩት። የጦር መርከቦች ከሰል ማንደድ ከተዉ ብዙ ዘመን ሆኗል፤ ጓንታናሞ ግን ዛሬም በአሜሪካ እጅ ናት። ወደ ራሳችን ስንመለስ፣ በ1869 ዓ.ም. ሩባቲኖ የተባለው የኢጣልያ የመርከብ ኩባንያ በሳፔቶ እጅ አሰብን ሲገዛ፣ የስዌዝ ቦይ በተከፈተበት ዓመት ለመርከቦቹ ከሰል ማኖሪያ የሚሆን ጥቂት የባሕር ዳር መሬት ብቻ የፈለገ ይመስል ነበር። በ1882 ዓ.ም. የኢጣልያ መንግሥት ከኩባንያው ተረከበው፤ በ1885 ዓ.ም. ምጽዋን ያዘ፤ በ1896 ዓ.ም. ዐድዋ ላይ ደረሰ። ሜሪማክ የሰመጠችው ከዐድዋ ሁለት ዓመት በኋላ ነው። በአንድ ዘመን የነበሩ ነገሮች ናቸው፤ እኛ ግን አንዱን በኢትዮጵያ ታሪክ፣ ሌላውን በዓለም ታሪክ ክፍለ ጊዜ ስለምንማራቸው ዝምድናቸው አይታየንም። ከሰል የሚያኖር ሰው ምን እንደሚፈልግ ጠይቆ የሚረዳ ሰው በዚያን ጊዜ በአሰብ ቢገኝ ኖሮ እያልሁ አንዳንድ ጊዜ አስባለሁ።

ይህን ሁሉ እንድመረምር ያደረገኝ መጽሐፍ ብቻ አይደለም። አጎቴ የቦቴ ሹፌር ነው። ከጅቡቲ ነዳጅ ጭኖ በጋላፊ ገብቶ፣ በሚሌና በአዋሽ አድርጎ አዲስ አበባ ይደርሳል። ቤታችን ሲመጣ ልብሱ ናፍታ ናፍታ ይሸታል፤ ታናሽ እኅቴም አፍንጫዋን ትይዛለች። በከተማው ነዳጅ የጠፋ ጊዜ በየማደያው የተሰለፈው ሰው ሁሉ «ቦቴ ገባ ወይ?» ይላል። ማን ይዞት እንደ መጣ፣ በበረሃው ስንት ሌሊት እንዳደረ የሚጠይቅ ግን ሰምቼ አላውቅም። የክፍል ጓደኞቼ ወደ ፊት ምን ለመሆን እንደሚፈልጉ ሲጠየቁ ሐኪም፣ አውሮፕላን አብራሪ፣ መሐንዲስ ይላሉ። እኔም መሐንዲስ ብዬአለሁ። በዚያ የታሪክ ክፍል ውስጥ «ከሰል ትጭን ነበር» ሲባል ከሳቁት ጋር ስስቅ አጎቴ ትዝ አላለኝም ነበር።

አንባቢ ሆይ፣ ስለ ሜሪማክ ሌላ ጊዜ ብታነቡ ከሆብሰን ጋር የገቡትን ሰባት ሰዎች አስቡአቸው። ሞንታግ፣ ሻሬት፣ መርፊና ክላውሰን ከጦር መርከቦቹ የመጡ ናቸው። ክላውሰን እንዲያውም ሳይመረጥ በመርከቢቱ ላይ የቀረ ሰው ነው። ሰባቱም በ1899 ዓ.ም. የአገሪቱን ከፍተኛ የጀግንነት ኒሻን አገኙ፤ ሆብሰን ግን በዚያን ጊዜ ሕጉ ለባሕር ኀይል መኰንን ስለማይፈቅድ እስከ 1933 ዓ.ም. መጠበቅ ነበረበት። በዚህ አንድ ነገር እንኳ ከበታቾቹ ወደ ኋላ ቀርቷል።

የቀሩት ሦስቱ የሜሪማክ የራስዋ ሰዎች ነበሩ፤ ከዚያ ሌሊት በፊትም ከከሰሏ ጋር የኖሩ ናቸው። ዴይግናን መሪዋን ይዞ ነበር። ፊሊፕስ ከታች በሞተሩ ዘንድ፣ ኬሊ ደግሞ በቦይለሩ ዘንድ ነበሩ፤ መድፉ ሲያጓራ ከእግራቸው ሥር ባሕር፣ ከፊታቸው እሳት ብቻ ነበረና ወዴት እንደሚሄዱ እንኳ ማየት አይችሉም ነበር። ይህን ጽሑፍ በጀመርሁ ቀን የሦስቱን ስም በክፍላችን ጥቁር ሰሌዳ ጥግ ላይ ጻፍሁት። ማን እንደ ሆኑ የጠየቀኝ አንድ ተማሪ ብቻ ነው፤ እርሱም ያ መርከቢቱ ምን ትሠራ እንደ ነበር የጠየቀው ነው። ስሞቹ ሰሌዳውን የመጥረግ ተራ እስኪደርሰኝ ድረስ ሦስት ቀን ቆዩ።